የአርባ አንድ ቤት አሚን

ጀልባዋ ከደልጊ ስትነሣ ፀሐይ ገና አልወጣችም ነበር። ሞተሩ ሁለት ጊዜ ተነሥቶ ሁለት ጊዜ ጠፋ፤ በሦስተኛው ባለጀልባው ባምላክ ግማሽ ለምኖ ግማሽ ተራግሞ አስነሣው። ዘጠኝ መንገደኛ፣ ስምንት ኬሻ ሽምብራ፣ በረዶ የተሞሉ ሁለት የዓሣ ሣጥኖችና እግሯ የታሰረ አንዲት ፍየል ተጭነዋል። ከፊት፣ ከሽምብራው ላይ፣ ሼህ ኡበይዳ በጋቢ ተጠቅልለው ከዘራቸውን በጉልበታቸው መሀል አቁመው ተቀምጠዋል። ከሥራቸው፣ ከጀልባዋ ወለል ላይ፣ ልብስ ሰፊው ሙሀመድዘይን ጉልበቱን አቅፏል። ውሃው በጠርዙ እየዘለለ ሱሪውን እስከ ጉልበቱ አርሶታል። አጠገቡ ያለችው ሴት "ኧረ አባባ፣ ረጠቡ" ባትለው ኖሮ አያውቀውም ነበር። ከነገረችውም በኋላ ከቦታው አልተንቀሳቀሰም።

እንዲህ ከሆነ ሦስት ወሩ ነው። ሻይ ትኩሱን ሲሰጡት ይጠጣል፣ የቀዘቀዘውንም ይጠጣል። ስፌት ላይ መርፌ ጣቱን ሲወጋው የሚያውቀው ደሙን ከጨርቁ ላይ ካየ በኋላ ነው። ሰው ሲስቅ ይስቃል፤ ከሰው ኋላ ግን ነው፣ ሁሉም ከጨረሰ በኋላ።

በሸሚዙ ኪስ የፍርድ ቤት መጥሪያ ይዟል። ጥር 18 ቀን 2007 ዓ.ም. ከቀኑ ስምንት ሰዓት ይላል፤ ግርጌው ላይ ክብ ማኅተም አርፎበታል። ቀኑ ዛሬ ነው። መጥሪያው የወጣው በሼህ ኡበይዳ ስም ሲሆን፣ ባሕር ዳር ቀርበው የሚያውቁትን እንዲመሰክሩ ያዝዛል። ሽማግሌው ከኅዳር ወዲህ ባሕር ዳርን ትተው ትውልድ አገራቸው ደልጊ ገብተው ነበርና፣ ሙሀመድዘይን ራሱ ሄዶ ሊያመጣቸው ግድ ሆነ። አርባ ዓመት በሸማ ተራው መስጂድ ኪታብ ሲያስቀሩ፣ ሃይማኖት ሲያስተምሩ የኖሩ ሰው ናቸው። የዛሬው ተከሳሽ ሐጂ ሙስባህ ቁርኣን የተማሩት ከእሳቸው ነው፤ የዛሬው ከሳሽ ሙሀመድዘይንም የጋብቻ ኒካሑን ያሰረው በእሳቸው እጅ ነው።

ነገሩ እንዲህ ነው። የሸማ ተራው መስጂድ ሲሠራ ድንጋይ የተሸከመ ሁሉ የመስጂዱ ጀመዓ ነበር። የጎንደር ነጋዴ፣ ከወሎ የመጣ ሸማኔ፣ ከጅማ ለጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካው የተቀጠረ መካኒክ፣ ሁሉም በአንድ ሰፍ ትከሻ ለትከሻ ገጥሞ ይሰግድ ነበር። ሰፍ ውስጥ አባትህ ማነው ብሎ የሚጠይቅ የለም፤ የሃይማኖቱ ውበትም ይኸው ነው። መዝገብ የሚባል ነገር መኖሩን እንኳ ያስታወሰው አልነበረም። ሐጂ ሙስባህ የኮሚቴው ሊቀመንበር ሆነው በተመረጡ በሁለተኛው ዓመት ግን መተዳደሪያ ደንቡ ተሻሻለ ተባለ። የጀመዓው አባል ማለት መሠረቱ በተጣለበት ዓመት የራሱ ወይም የአባቱ ስም በመዝገብ የሰፈረ ሰው ነው ተባለ። ያን ዓመት መዝገቡን የያዘው ጸሐፊ የሚውለው ሱቅ በረንዳ ላይ ነበር። ባለሱቁን ሁሉ ጻፈ። ድንጋይ የተሸከመውን ስምህ ማነው ያለው የለም፤ ድንጋይ ያዘለ ሰው ቆሞ ስም አያስጽፍማ። በዚህ ዓይነት አርባ አንድ ቤት በአንድ ቀን ከጀመዓው ውጭ ሆነ። ኮሚቴ መምረጥ ቀረባቸው፤ ከመስጂዱ ጀርባ ባለው መቃብር መቀበርም ቀረባቸው። ሸማኔው ይመር በዚህ ደንብ ከሄድንማ ሐበሻው ቢላልም ከመካ መዝገብ ይፋቅ ነበር ብሎ ቀለደ። ቀልዱ ኮሚቴው ጆሮ ደረሰና የይመር ልጅ ከመስጂዱ የቂርኣት ትምህርት ክፍል ለሳምንት ታገደ።

አርባ አንዱ ቤት ተሰብስቦ ሙሀመድዘይንን ወኪል አደረገ። የመረጡት አንደበተ ርቱዕ ስለነበረ ነው፤ ያኔ ነበረ። እስላም እስላምን እንዴት ይከስሳል ያሉትን፣ ሐቅ የተቀማ ሰው መጅሊስም ችሎትም ሄዶ መጮህ መብቱ ነው እያለ አፋቸውን ያስይዝ ነበር። መጅሊሱ ጉዳዩን ዓመት ሙሉ ሲያንከባልለው ክሱ ወደ መደበኛው ፍርድ ቤት ሄደ። ክሱ በተከፈተ በአራተኛው ወር፣ ጥቅምት ላይ፣ ሚስቱ ጀሊላ ሞተች።

ቃሬዛውን የተሸከሙት ሰዎች መቃብሩ በር ላይ ቆሙ። ጠባቂው መዝገቡን ገልጦ በጣቱ ከላይ እስከ ታች ወረደ፤ ጨርሶ ደግሞ ከላይ ጀመረ። ክፉ ሰው አልነበረም፤ ስሟ ቢገኝለት ደስ ባለው። ሐጂ ሙስባህ ጋ ተደወለ። ደንብ ደንብ ነው፣ ለአንዱ ከተሸራረፈ ለሁሉ ይፈርሳል አሉ። ድምፃቸው ሐዘን ነበረበት ይባላል። ሰው አዝኖም ይበድላል። ጀናዛው በአይሱዙ ተጭኖ ከከተማው ውጭ፣ ወደ ጢስ ዓባይ በሚወስደው መንገድ ዳር፣ ማዘጋጃ ቤት ወደሰጠው አዲስ መቃብር ተወሰደ። ሙሀመድዘይን ከኋላ ከሚስቱ አስከሬን አጠገብ ተቀምጦ፣ አስፋልቱ ባነጠራት ቁጥር ቃሬዛዋን በሁለት እጁ እየያዘ ሄደ። ከዚያች ቀን ወዲህ ነው ሰውየው የደነዘዘው።

በሦስተኛው ቀን፣ ለቅሶ ቤት፣ ሼህ ኡበይዳ ከሽማግሌዎች ጋር መጥተው ዱዓ አደረጉ። ለሟች ምሕረት ለመኑ፣ ድንኳኑ አሚን አለ። ለቀሪዎቹ ትዕግሥት ለመኑ፣ አሚን። ለአገሩ ሰላም፣ አሚን። ከዚያ ድምፃቸውን ሳይለውጡ፣ ያ አላህ፣ አርባ አንዱን ቤት ክሱን የሚተው አድርጋቸው፤ በመስጂዱ እንደ እንግዳ በክብር የሚሰግዱ፣ መዝገቡንና መቃብሩን ለባለቤቶቹ የሚተው፣ በዚህም የታረቁ አድርጋቸው አሉ። ሠላሳ ሰው እጁን ዘርግቶ አሚን አለ። ሙሀመድዘይንም አለ።

በነሱ ዘንድ እርቅ የሚጸናው በፊርማ አይደለም። ሽማግሌው ዱዓ ያደርጋል፣ የተጣላው አሚን ይላል፣ አለቀ። አሚኑን ያጠፈ ሰው ከዚያ በኋላ ሲጣላ የሚያስታርቀው፣ ልጁን ሲድር የሚመሰክርለት አያገኝም። ኮሚቴውም በሳምንቱ የዱዓውን ቃል በወረቀት አስፍሮ፣ ሠላሳ ምስክር አስፈርሞ፣ ክርክሩ በእርቅ አልቋልና መዝገቡ ይዘጋ ሲል ለፍርድ ቤት አመለከተ።

የሙሀመድዘይን ወገን ሁሉ መልሱን ያዘጋጀለት ሳይጠየቅ ነው። አልሰማሁም ይበል። ደልጊ የተዳረችው ልጁ ኢኽላስ ትናንት ማታ እግሩን እያጠበች የነገረችው ይህንኑ ነበር፤ አባዬ፣ ያን ቀን ስምህንም ብንጠራህ አትሰማ ነበር፣ እውነት ነው እኮ አለችው። እግሩን ስታጥበው ውሃው ትኩስ ይሁን ቀዝቃዛ አላወቀም፤ ስለዚህ እውነቷን ሳይሆን አይቀርም ብሎ አሰበ።

ፀሐይ ወጥታ የደቅ ደሴት ከወደ ግራ ስትታይ ሼህ ኡበይዳ ከሽምብራው ወርደው አጠገቡ ተቀመጡ። ለሰማንያ ዓመት ሰው ቀላል መውረድ አልነበረም፤ ፍየሏን ተደግፈው ነው የወረዱት።

"ሙሀመድ።"

"አቤት ሼሁ።"

"ቃሉ የኔ አልነበረም። ሙስባህ በወረቀት ጽፎ ሰጠኝ። ያዘነ ሰው አሚን አይነፍግም አለኝ። እኔም እንደማይነፍግ አውቅ ነበር።"

ከዚያ ብዙ ተናገሩ። ክሱ አንድ ዓመት ከቀጠለ ሁለት መስጂድ፣ ሁለት ዓመት ከቀጠለ ደም ይሆናል ብለው ፈርተው እንደነበር፤ ሰላም ያወረዱ መስሏቸው እንደነበር፤ ወረቀቱ ፍርድ ቤት መግባቱን ሲሰሙ ግን ባሕር ዳር ላይ የሰው ዓይን ማየት እንዳቃታቸውና ጓዛቸውን ጠቅልለው እንደሄዱ። ሙሀመድዘይን ሰማቸው። መናደድ የሚገባው ቦታ እንደሆነ ገባው። ቁጣውን ካለበት ሊያመጣው ሞከረ፤ ከባዶ ማድጋ ውሃ እንደመቅዳት ሆነበት።

"ለዳኛዋ ሁሉንም እነግራታለሁ" አሉ ሼህ ኡበይዳ። "በሐዘንህ ቀን ገብቼ እንዳታለልሁህ። አንተ ምንም እንዳልሰማህ።"

"ሰምቻለሁ።"

"ምን አልህ?"

"ሰምቻለሁ ሼሁ። አንድ ቃል አላመለጠኝም። እንደ እንግዳ ሲሉም፣ ለባለቤቶቹ ሲሉም ሰምቻለሁ።"

ሽማግሌው ጋቢያቸውን ሰብሰብ አደረጉ። ባምላክ ከኋላ ሆኖ ስለ ነዳጅ ዋጋ ከአንዱ መንገደኛ ጋር ይጨቃጨቃል።

"ታዲያ ለምን አሚን አልህ?"

ሙሀመድዘይን ምክንያቱን ፈለገው። "እንጃ። ጀሊላ ሌላ ቦታ ተቀብራ ነበር።"

"ይህን ለኔ ከምትነግረኝ ሣጥን ውስጥ ላለው ዓሣ ብትነግረው ምን ነበረ?" አሉ ሼህ ኡበይዳ። "አሁን ምን ብዬ ልምል ነው? ቁርኣን ሊያስይዙኝ ነው እኮ።"

"የሚያውቁትን ይናገሩ።"

"የማውቀውንማ አበዛኸው።"

የዘጌን ጫካ ካለፉ በኋላ ሽማግሌው ብቻቸውን እንደሚያወሩ ሆነው፣ እሳቸው ስለ ራሳቸው ጥፋት ብቻ እንደሚመሰክሩ፣ እሱ ስለ ሰማውና ስላልሰማው ግን ያው እሱ እንደሚያውቅ ተናገሩ። ቀጥለውም በለሆሳስ "አውፍ በለኝ" አሉት። ሙሀመድዘይን አውፍ ብያለሁ አለ። ይቅርታው ከአፉ ያለ ችግር ወጣ፤ እሱን የከበደው ይህ ነው፣ ምንም አለመክበዱ።

ባሕር ዳር ስድስት ሰዓት ገደማ ደረሱ። ከወደቡ አጠገብ ባለች ትንሽ መስጂድ የቀትሩን ሶላት፣ ዙሁርን፣ ሰገዱ። ሼህ ኡበይዳ መንገደኛ ናቸውና አሳጥረው በሁለት ረከዓ አሰላምተው ጨረሱ። ከኋላቸው የቆመው ሙሀመድዘይን ግን የከተማው ነዋሪ ነውና ተነሥቶ የቀረውን ሁለት ሞላ። እንግዳ ሁለት ይሰግዳል፣ ባለአገር አራት። ከአርባ ዓመት በላይ በዚህ ከተማ አራት ሰግዷል። ሽማግሌው ሶላቱን እስኪጨርስ ዞረው አላዩትም።

ጠበቃው ተክለ ጊዮርጊስ ከፍርድ ቤቱ በር ላይ ቆሞ ሰዓቱን ያያል። ቁጡ፣ ፈጣን፣ ሰነድ እንደ ዳዊት የሚደግም ሰው ነው። ይህን ክስ የያዘው ቤተ ክርስቲያንም ውስጥ የሰበካ ጉባኤ አባልነት ክርክር ይዞ ስለሚያውቅ ነበር፤ ሰው በእግዚአብሔር ቤት ወንበር ላይ ሲጣላ ከመሬት ሙግት ይከፋል ይላል። ሙሀመድዘይንን ክንዱን ይዞ ወደ ጥግ ወሰደው።

"አቶ ሙሀመድዘይን፣ አንድ ቃል ናት። አልሰማሁም። ሌላ አይጨምሩ፣ አያብራሩ። ሰምቻለሁ ካሉ እኔ የምይዘው የለኝም፤ አርባ አንዱም ቤት ገደል ገባ። ገባዎት?"

"ገብቶኛል።"

"አንድ ቃል።"

ከችሎቱ በረንዳ ላይ የአርባ አንዱ ቤት ሰዎች ተደርድረዋል። ይመር ሸማውን አጣፍቶ ከፊት ቆሟል። ሙሀመድዘይን ሲያልፍ አንዳንዱ እጁን ጨበጠው፣ አንዲት አሮጊት ትከሻውን ሳመችው። ደጁ ማዶ ሐጂ ሙስባህ ነጭ ጀለቢያ ለብሰው ከኮሚቴያቸው ጋር ቆመዋል። ሼህ ኡበይዳን ሲያዩ መጥተው እጃቸውን ለመሳም ጎንበስ አሉ። ሽማግሌው እጃቸውን አልሰጧቸውም፤ አልከለከሏቸውምም፤ ከዘራቸውን በሁለት እጃቸው ያዙ።

ዳኛዋ አርባ ዓመት ያልሞላት፣ መነጽር ያደረገች፣ ስትጽፍ ቀና የማትል ሴት ናት። የኮሚቴው ጠበቃ ተነሥቶ እርቁን፣ ሠላሳውን ምስክር፣ የአካባቢውን ልማድ አስረዳ። ተክለ ጊዮርጊስ ተቃወመ፤ ለቅሶ ቤት የፍርድ አደባባይ አይደለም አለ። ሼህ ኡበይዳ ተጠርተው ቁርኣን ይዘው ማሉ።

ዳኛዋ ተከራካሪዎቹን አስታርቀው እንደሆነ ጠየቀቻቸው። ዱዓ እንዳደረጉ፣ በነሱ ዘንድ ዱዓና እርቅ አንድ እንደሆነ፣ ቃሉን ግን ሐጂ ሙስባህ ጽፈው እንደሰጧቸውና ይህን ለሐዘንተኛው እንዳልነገሩት ተናገሩ። "ጥፋቱ የኔ ነው" አሉ። የኮሚቴው ጠበቃ ሊቆም ሲል ሐጂ ሙስባህ ሱሪውን ይዘው አስቀመጡት።

"ከሳሽ ቃሉን ሰምተውት ነበር?" አለች ዳኛዋ።

"እሱን ራሱ ይናገር ልጄ።"

ተክለ ጊዮርጊስ እስክሪብቶውን ጠረጴዛው ላይ ጣለ። ዳኛዋ ወደ ሙሀመድዘይን ዞረች። እሱም ተነሣ።

ከኋላው አርባው ቤት አንገቱን አስግጓል። ፍርሃት እንኳ ቢመጣለት ደስ ባለው ነበር፤ የሚፈራ ሰው የሚያደርገውን ያውቃል። ቃሉ በምላሱ ላይ ተዘጋጅታ ተቀምጣለች፤ ልጁ ሰጥታዋለች፣ ጠበቃው ሰጥቶታል፣ ሽማግሌውም አንስተው አልወሰዱበትም። ማንም ሊያጋልጠው አይችልም። ልብ ውስጥ ገብቶ ሰምቷል አልሰማም የሚል ምስክር የለም።

"ሰምቻለሁ" አለ።

ከኋላው የሆነ ሰው እንደ መቃተት አደረገው። ተክለ ጊዮርጊስ ግንባሩን በመዳፉ ያዘ።

"ተስማምተው ነው አሚን ያሉት?"

"ግድ ስላልነበረኝ ነው ክብርት ዳኛ። ሚስቴ ሌላ ቦታ ከተቀበረች በኋላ ያ መቃብር ለማንም ቢሆን ግድ አልነበረኝም። የራሴን ቤት ብቻ ነው ያሰብሁት። አርባውን ረሳኋቸው። አላልሁም ብዬ መካድም አልችልም። ለሷም ምሕረት የለመንሁት በዚያው ዱዓ ላይ ነው። አንዱን አሚን ትቼ ሌላውን ላስቀር?"

ዳኛዋ ጻፈች። የኮሚቴው ጠበቃ፣ ከሳሽ የአርባ አንዱም ወኪል ስለሆኑ እርቁ ሁሉንም ያስራል፣ መዝገቡ ተጠቃልሎ ይዘጋልን አለ።

ያን ጊዜ ተክለ ጊዮርጊስ ተነሣ። ፊቱ ቀልቷል። የተናደደው በራሱ ደንበኛ ይሁን በተከራካሪው አይታወቅም፤ ምናልባት በሁለቱም። ውክልናውን ከመዝገቡ አውጥቶ አነበበ። ለመክሰስ፣ ለመከራከር፣ ማስረጃ ለማቅረብ፣ ይግባኝ ለማለት ይላል። ለመታረቅ የሚል የለበትም። ይህን ቃል ያስቀሩት ራሳቸው ሰዎቹ ናቸው፤ ውክልናው ሲጻፍ ይመር፣ እርቅ ከመጣማ ሁላችንም እግር አለን፣ ራሳችን እንመጣለን ብሎ አስፍቆታል። ወኪል ያልተሰጠውን ሥልጣን በለቅሶ ቤት አያገኝም፤ የሌላ ሰው አሚን የሌላ ሰው ነው አለ።

ዳኛዋ ወረቀቱን ተቀብላ ሁለት ጊዜ አነበበች። ከዚያ ለሩብ ሰዓት ያህል ወጥታ ተመለሰች። የአንደኛው ከሳሽ የሙሀመድዘይን ጉዳይ በራሱ ቃል በእርቅ ስላለቀ ተዘግቷል። የቀሩት አርባ ከሳሾች እርቁ አያስራቸውም፤ ሌላ ወኪል ሰይመው ለየካቲት 12 ይቅረቡ። ታዟል።

በረንዳው ላይ ደስታም ለቅሶም አልነበረም። ሰው ያገኘውንና ያጣውን ገና እየለየ ነው። ይመር ሙሀመድዘይንን ደረቱን በእጁ ጀርባ አቆመው።

"ረሳኋቸው? ለዳኛ እንዲህ ይባላል? ዓመት ከመንፈቅ አብረን ስንንከራተት ማንን ነበር የምታየው?"

"እውነት ነው" አለ ሙሀመድዘይን።

"እውነት መሆኑንማ አውቃለሁ። እኔን የሚያነደኝ እሱ ነው።"

ሐጂ ሙስባህ ከኮሚቴያቸው ተለይተው መጡ። ይመር ሲያያቸው አንድ እርምጃ ወደኋላ አለ እንጂ አልሄደም። ሐጂው ዓይናቸው እርጥብ ነበር፤ የማስመሰል አልነበረም። ዛሬ ያየሁትን ኢማን በዕድሜዬ አላየሁም አሉ። ሰው በጥቅሙ ላይ እውነት ሲናገር ማየት ትልቅ ነገር ነው አሉ። ከዚያ ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ።

"ደንብ ለሰው ነው የተሠራው ሙሀመድዘይን። እንዳንተ ላለ ሰው ኮሚቴው ልዩ ውሳኔ ይወስናል። ነገውኑ በመዝገቡ ትጻፋለህ። ቦታም ከመስጂዱ ጀርባ ይከለልልሃል። ከፈለግህ ጀሊላንም እናዛውራታለን።"

ጥቅምት ላይ ደንብ ደንብ ነበር። ይመር አፉን ሊከፍት ሲል ሙሀመድዘይን ቀደመው።

"አርባውን ይጻፉ ሐጂ። እኔ ከነሱ በኋላ እጻፋለሁ።"

"እሱማ ፍርድ ቤት ያለ ጉዳይ ነው።"

"እንግዲያስ እጠብቃለሁ።"

"ጀሊላስ?"

"እሷም ትጠብቃለች" አለ።

ሐጂ ሙስባህ የሚሰጡትን የሚቀበል ማጣት ያልለመዱ ሰው ነበሩና እጃቸውን የት እንደሚያደርጉት ጠፋቸው። ሰላምታ ሰጥተው ወደ መኪናቸው ሄዱ። ሼህ ኡበይዳ የዐስር ሶላት እንዳያመልጣቸው ከዘራቸውን እየተከሉ በሐይቁ ዳር መንገድ ብቻቸውን ሲሄዱ ከሩቅ ይታያሉ። አብሯቸው የሄደ የለም።

ይመር ከበረንዳው ደረጃ ላይ ተቀመጠ። ቁጣው አልበረደለትም፤ ሲቀመጥ እንኳ ደረጃውን እንደጠላት ነበር የተቀመጠበት።

"ወኪል እኔን አድርገውኛል" አለ። "ጠበቃው ነገ ውክልናውን እናጽፍ ብሎኛል። እኔ ማንበብ አልችልም፤ ታውቃለህ። የየቤቱን ስም እስከ አያት ይፈልጋሉ። ወረቀቱ አንተ ጋ አይደለም?"

"ቤት ነው።"

"ታዲያ?"

ሙሀመድዘይን አጠገቡ ተቀመጠ። ሱሪው እስከ ጉልበቱ ገና እንዳልደረቀና ቀዝቃዛ እንደሆነ ታወቀው። ወረቀት ሳይዝ፣ ከፋብሪካው ሠፈር ጀምሮ፣ ቤት በቤት፣ ስም ከነአባት ከነአያት መጥራት ጀመረ። የጅማውን መካኒክ ጠራ። ትከሻውን የሳመችውን አሮጊት ከነሙት ባሏ ጠራ። ይመርን ራሱን ጠራው፤ ይመር በስሙ ላይ አቤት ሊል ምንም አልቀረውም። አንዱን እንኳ አላለፈም፣ አንዱን እንኳ አልደገመም፤ ድምፁም ከፍ ዝቅ አላለም። ይመር በጣቶቹ አንጓ እየቆጠረ ያዳምጣል። ሙሀመድዘይን ጠርቶ ጨረሰ።

ይመር አውራ ጣቱን ባለበት ያዘው።

"አርባ" አለ።

"አዎ" አለ ሙሀመድዘይን። "አርባ ናችሁ።"